የአሜሪካ ባሕር ኃይል ጀግና በሩሲያና በቱርክ ጦርነት ውስጥ ምን ይሠራ ነበር?

ኬርሰን፣ ኦቻኮቭ፣ ኪንቡርን። ከ2022 ወዲህ የዩክሬንን ጦርነት ለሚከታተል ሰው እነዚህ ስሞች እንግዳ አይደሉም። በዚያው ዓመት የሩሲያ ጦር ኬርሰንን ሊለቅ ጥቂት ሳምንታት ሲቀሩት፣ በከተማዋ ካቴድራል ውስጥ የነበረው የልዑል ግሪጎሪ ፖተምኪን አጽም ተነሥቶ መወሰዱ ተሰማ። ብዙ ሰው ያን ጊዜ «ይህ ደግሞ ማን ነው?» ብሎ ጠየቀ። ፖተምኪን ከ230 ዓመታት በፊት ይህን የባሕር ዳርቻ ከኦቶማን ቱርኮች አስለቅቆ ለሩሲያ ያስገባው የጦር አለቃ ነው።

በእሱ ሥር ከተዋጉት አዛዦች አንዱ ግን ሩሲያዊ አልነበረም። በስኮትላንድ ተወልዶ ለአሜሪካ ነጻነት የተዋጋ፣ ዛሬም የአሜሪካ ባሕር ኃይል እንደ አባት የሚያየው ጆን ፖል ጆንስ ነበር። እዚያ ምን አደረሰው? ድል ካደረገስ በኋላ ለምን ተባረረ? በሁለት የሰው አገር መንግሥታት ጦርነት ውስጥ የገባ አዛዥ ዕጣው የሚወሰነው በምን ነበር? ይህ ማብራሪያ እነዚህን ጥያቄዎች ለመመለስ የተጻፈ ነው። ዓመታቱና ቀናቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሩሲያና ቱርክን ያጣላቸው ምን ነበር?

ጥቁር ባሕር ለሦስት መቶ ዓመታት ያህል የኦቶማን ሱልጣኖች ባሕር ነበር። ዋና ዋናዎቹ ወደቦች በቀጥታም ሆነ በገባር በኩል ለኢስታንቡል ያደሩ ስለነበሩ፣ ሩሲያ በዚያ ውኃ ላይ የራሷን መርከቦች ማሰማራት አትችልም ነበር። ይህ የተለወጠው ቱርክ ከ1768 እስከ 1774 በተካሄደው ጦርነት ስትሸነፍ ነው። ኪዩቹክ ካይናርጃ በተባለ መንደር በተፈረመው ውል ሩሲያ ወደ ባሕሩ መውጫ አገኘች። የክራይሚያ ካንም ከሱልጣኑ ተለይቶ ነጻ ገዥ ተባለ። ነጻነቱ ግን ከዘጠኝ ዓመት አላለፈም፤ በ1783 እቴጌ ካትሪን ክራይሚያን ጠቅልላ የሩሲያ ግዛት አደረገቻት።

ለኢስታንቡል ይህ ከባድ ቁስል ነበር። ክራይሚያ ሙስሊም አገር ናት፤ ካኖቿም ለኦቶማን ጦር ፈረሰኛ የሚልኩ የቅርብ አጋሮች ነበሩ። ቁስሉ ሳይሽር በ1787 ካትሪን የኦስትሪያውን ንጉሠ ነገሥት ይዛ አዲሱን ግዛቷን ልትጎበኝ በታላቅ አጀብ ወረደች። በዚያው ዓመት በነሐሴ ወር ቱርኮች የሩሲያን አምባሳደር የዲኩሌ በተባለው ምሽግ አስረው ጦርነት አወጁ። ዋና ዓላማቸው ክራይሚያን ማስመለስ ነበር።

ውጊያው ለምን በአንድ ጥልቀት በሌለው ውኃ ላይ ሆነ?

የዲኒፐርና የቡግ ወንዞች ጥቁር ባሕር ከመግባታቸው በፊት ተገናኝተው ረጅምና ጠባብ የውኃ አካል ይፈጥራሉ፤ ሊማን ይባላል። ውኃው ሐይቅ ይመስላል፣ ጥልቀቱ ትንሽ ነው፣ ወንዞቹ የሚያመጡት ደለል ደግሞ እዚህም እዚያም የአሸዋ ጉብታ ሠርቶበታል። መውጫው ላይ በሰሜን በኩል ቱርኮች ኦዚ፣ ሩሲያውያን ኦቻኮቭ የሚሉት ትልቅ የኦቶማን ምሽግ ነበር። ትይዩው በደቡብ ኪንቡርን የተባለ ቀጭን የአሸዋ ምላስ ወደ ባሕሩ ይዘልቃል፤ እሱን የያዙት ሩሲያውያን ናቸው። በሁለቱ መካከል ያለው ርቀት ጥቂት ኪሎ ሜትር ብቻ ነው።

የሩሲያ አዲስ የመርከብ መሥሪያ ኬርሰን ያለው ከዚህ ውኃ ጀርባ፣ ዲኒፐር ወንዝ ላይ ነው። ስለዚህ ኦቻኮቭ በቱርክ እጅ እስካለ ድረስ ኬርሰን ላይ የሚሠራ እያንዳንዱ መርከብ ወደ ባሕር ሲወጣ በጠላት መድፍ ሥር ማለፍ አለበት። ቱርኮች በበኩላቸው ሊማኑን ዘልቀው ኬርሰንን ቢያቃጥሉ የሩሲያን የጥቁር ባሕር ኃይል ከሥሩ ይነቅሉታል። በ1788 የበጋ ወራት ሁለቱም ኃይላቸውን እዚያች ጠባብ ውኃ ላይ ያፈሰሱት ለዚህ ነው።

ጆን ፖል ጆንስ ማን ነበር?

በ1747 በደቡብ ምዕራብ ስኮትላንድ የአንድ አትክልተኛ ልጅ ሆኖ ተወለደ፤ የመጀመሪያ ስሙ ጆን ፖል ብቻ ነበር። በ13 ዓመቱ በመርከብ ላይ ተቀጠረ። ለተወሰኑ ዓመታት አፍሪካውያንን ወደ ካሪቢያን በሚያግዙ የባሪያ ንግድ መርከቦች ላይ ሠርቷል። ያን ሥራ በ20ዎቹ መጀመሪያ ትቶታል፤ ቢሆንም ታሪኩ ሲነገር ይህን መዝለል ተገቢ አይደለም። በ1773 የንግድ መርከብ አዛዥ ሳለ ቶቤጎ ደሴት ላይ በደመወዝ ጠብ ያመፀበትን መርከበኛ በሰይፍ ገደለና ወደ ቨርጂኒያ ሸሸ። «ጆንስ» የሚለውን ስም የጨመረው ያን ጊዜ ነው።

ሁለት ዓመት ሳይሞላ የአሜሪካ ቅኝ ግዛቶች በእንግሊዝ ላይ ተነሡ፤ የባሕር ሰው ይፈለግ ስለነበር ጆንስ በቀላሉ መኮንን ሆነ። ስሙን የተከለው በሴፕቴምበር 23 ቀን 1779 ነው። ፈረንሳይ በሰጠችው አሮጌ የንግድ መርከብ ላይ መድፍ ጭኖ፣ በእንግሊዝ የባሕር ዳርቻ አጠገብ ሴራፒስ ከተባለ አዲስ የጦር መርከብ ጋር ሌሊቱን ተዋጋ። የራሱ መርከብ እየነደደ፣ ውኃም እየገባበት ሳለ እጁን አልሰጠም፤ በመጨረሻ እጃቸውን የሰጡት እንግሊዞቹ ሆኑ። የእሱ መርከብ ከድሉ በኋላ ሰጠመ፤ እሱ የማረከውን ሴራፒስን ይዞ ሄደ። የፈረንሳይ ንጉሥ ሰይፍ ሸለመው፤ እንግሊዞች ግን የባሕር ወንበዴ አሉት።

ከዚያ ሰላም ሆነ፣ ለጆንስም ችግሩ መጣ። አዲሲቱ አሜሪካ ዕዳ ስለከበዳት በ1785 የመጨረሻውን የጦር መርከቧን ሸጠች። ባሕር ኃይሉ ራሱ ስለቀረ ጆንስ የሚያዝበት መርከብ አልነበረውም። ፓሪስ ተቀምጦ በጦርነቱ ለተማረኩ መርከቦች የሚከፈለውን ገንዘብ ሲከታተል ነው የሩሲያ ጥሪ የደረሰው።

አንድ መንግሥት መርከቦቹን ለባዕድ አዛዥ ለምን ይሰጣል?

ዛሬ አንድ አገር የባሕር ኃይሏን ለውጭ ዜጋ ብትሰጥ ያስደነግጣል። በ18ኛው ክፍለ ዘመን ግን የተለመደ ነበር። የሩሲያ ባሕር ኃይል በታላቁ ጴጥሮስ የተመሠረተ ገና ወጣት ተቋም ነው። መርከብ በጥቂት ወራት ሊሠራ ይችላል፤ በማዕበል ውስጥ መቶዎችን የሚያዝ፣ ነፋስና መድፍን አስማምቶ የሚያዋጋ አዛዥ ግን የሚበስለው በ20 ዓመት ነው። ያን ያህል መጠበቅ የማይችል መንግሥት የበሰለውን ከሌላ አገር ይቀጥራል። የሩሲያ የባልቲክ መርከቦች ዋና አዛዥ ሳሙኤል ግሬግም ስኮትላንዳዊ ነበር።

ሊማን ላይ የተሰለፈውን ኃይል ብናይ ጆንስ ብቸኛው ባዕድ አልነበረም። በመቅዘፊያ የሚሄዱትን ጀልባዎች የመራው በፈረንሳይ የተወለደ፣ በጀርመን መሳፍንት ስም የሚጠራው ልዑል ናሳው-ዚገን ነው። የጆንስን መርከብ ከእሱ በፊት ያዝዝ የነበረው አሌክሲያኖ ግሪክ ነው። በጦር መምሪያ አለቃነት ያገለግል የነበረው ሆሴ ዴ ሪባስ በኔፕልስ ተወልዶ ያደገ የስፔን ዘር ነው። የካትሪንን የሽርሽር ጀልባዎች ከባድ መድፍ ጭኖባቸው ወደ ጦር ጀልባ የለወጠው ደግሞ እንግሊዛዊው መሐንዲስ ሳሙኤል ቤንታም ነበር።

እዚህ ላይ ለእኛ አንባቢ ቅርብ የሆነ ሰውም አለ። ከ1778 ጀምሮ የኬርሰንን ከተማና የመርከብ መሥሪያ ግንባታ የመራው ኢቫን ሃኒባል የአብራም ሃኒባል ልጅ፣ የባለቅኔው ፑሽኪን አያት ወንድም ነው። አብራም በልጅነቱ ከአፍሪካ ወደ ኢስታንቡል፣ ከዚያም ወደ ጴጥሮስ ቤተ መንግሥት የተወሰደ ሲሆን፣ የትውልድ ቦታውን መረብ ወንዝ አካባቢ የሚያደርጉ አሉ፤ ቻድ ሐይቅ አጠገብ ነው የሚሉም አሉ። የትም ይወለድ፣ ጆንስ የተዋጋባቸው መርከቦች የወጡት የአፍሪካዊው ልጅ ካቆመው የመርከብ መሥሪያ ነው።

በቱርክ በኩልም ቢሆን ነገሩ ተመሳሳይ ነበር። የኦቻኮቭን ምሽግ ለማጠናከር የፈረንሳይ መሐንዲሶች ሠርተዋል። የኦቶማን ባሕር ኃይል ዋና አዛዥ፣ በማዕረጉ ካፑዳን ፓሻ የሚባለው ጋዚ ሃሰን ፓሻ፣ በልጅነቱ ባሪያ ሆኖ ተሸጦ ቱርክ አገር የገባ ሰው ነው። በአልጄርስ መርከቦች ላይ አደገ። በ1770 ሩሲያውያን የኦቶማንን መርከቦች ቼሽሜ ላይ ሲያቃጥሉ ከሚነድ መርከብ ቆስሎ ከተረፉት አንዱ ነው። ለማዳ አንበሳ አስከትሎ ይሄድ ነበር። በ1786 ግብፅ ዘምቶ ያመፁትን የአገሩን ገዢዎች፣ የማምሉክ ቤዮችን ወግቷል፤ ወደ ኢስታንቡል የተጠራው ለዚህ አዲስ ጦርነት ነው።

ጆንስ ወደ ሩሲያ እንዴት ገባ?

የሩሲያ አምባሳደር በፓሪስ፣ በወቅቱ እዚያ የአሜሪካ መልእክተኛ ከነበረው ከቶማስ ጀፈርሰን ጋር ስለ ጆንስ ተነጋገረ። ጆንስ የአሜሪካ ዜግነቱን እንደማይተው አስታውቆ፣ በሪር አድሚራል ማዕረግ እንዲገባ ተስማሙ። ይህ በአሜሪካ ያላገኘው ማዕረግ ነው።

የሰውየውን ጠባይ የሚያሳየው ጉዞው ነው። በ1788 የጸደይ ወራት ስዊድን ሲደርስ ወደ ፊንላንድ የሚያሻግረው ባሕር በበረዶ ተዘግቶ ነበር። ከላይ ክዳን የሌላት ጀልባ ተከራየ። ቀዛፊዎቹ ወዴት እንደሚሄዱ በትክክል አልተነገራቸውም። መሐል ሲደርሱ ሽጉጡን አወጣና ወደ ደቡብ፣ በበረዶው ዳር በኩል እንዲቀዝፉ አዘዘ። ከኋላ ይጎትቷት የነበረች ትንሽ ጀልባ ጠፋች። አራት ቀን ተጉዘው ዛሬ ታሊን በምትባለው ከተማ ደረሱ፤ ለቀዛፊዎቹ በደንብ ከፍሎ ወደ ሴንት ፒተርስበርግ ቀጠለ።

ካትሪን በክብር ተቀበለችው። ሆኖም በባልቲክ መርከቦች ላይ ያሉት እንግሊዛውያን መኮንኖች ወንበዴ ከሚሉት ሰው ጋር እንደማያገለግሉ፣ ከመጣ ሥራቸውን እንደሚለቁ አስታወቁ። እነሱን ማጣት ስላልተፈለገ ጆንስ ወደ ደቡብ፣ ወደ ፖተምኪን ተላከ። ገና መድፍ ሳይተኮስ ቦታው የተወሰነው በሌሎች ቅጥር መኮንኖች ፈቃድ ነው ማለት ነው።

ሊማን ላይ ማን ማንን ያዝዝ ነበር?

የቀረውን ታሪክ ለመረዳት ቁልፉ እዚህ ጋ ነው። ጆንስ ቭላዲሚር በተባለ መርከብ ላይ ሆኖ ባለ ሸራ ትልልቅ መርከቦችን ያዛል። ናሳው-ዚገን በመቅዘፊያ የሚሄዱትን ጀልባዎች ያዛል። በኪንቡርን ያለውን የእግረኛ ጦር ጄኔራል ሱቮሮቭ ይመራል። ሦስቱም በየፊናቸው ተጠሪነታቸው ለፖተምኪን ሲሆን፣ ፖተምኪን ያለው ከጦሩ ጋር በየብስ ነው። አንዱ ሌላውን ማዘዝ አይችልም። የአንድ መኪና መሪ ለአንድ ሰው፣ ፍሬኑ ለሌላ ሰው ቢሰጥ እንደማለት ነው።

ችግሩን ያባባሰው ውኃው ራሱ ነው። ጥልቀቱ ትንሽ ስለሆነ የጆንስ ትልልቅ መርከቦች መጫን ከሚችሉት መድፍ ከፊሉን ብቻ ጭነው፣ በጥንቃቄ ነበር የሚንቀሳቀሱት። የናሳው ጀልባዎች ግን እንደልባቸው ይሄዳሉ፤ ነፋስ ባይኖርም ይቀዝፋሉ። ስለዚህ የባሕር ሙያ ያለው ጆንስ መስመር ይዞ ቆሞ ሲጠብቅ፣ ሮጦ የመምታትና የመማረክ ዕድሉ ያለው ናሳው ጋ ነበር። በዚያ ላይ አሌክሲያኖ ቦታው ስለተወሰደበት አኩርፎ ነበር፤ ጆንስም ሩሲያኛ አያውቅም።

ውጊያው እንዴት ሄደ?

የመጀመሪያው ግጭት በጁን 18 ቀን 1788 ሆነ። ሃሰን ፓሻ ቀላል መርከቦቹን ወደ ሊማኑ አስገባ። ጆንስ መርከቦቹን በቀጥታ መስመር ሳይሆን በማዕዘን አሰልፎ ስለነበር የገባው ኃይል ከሁለት አቅጣጫ መድፍ ወረደበት። የናሳው ጀልባዎችም ከፊት ሆነው አጠቁ፤ ቱርኮቹ ጥቂት መርከቦች አጥተው ወደ ኋላ ተመለሱ።

ወሳኙ ከዐሥር ቀን በኋላ መጣ። ሃሰን ፓሻ ትልልቅ የጦር መርከቦቹን ይዞ በሙሉ ኃይሉ ወደ ሊማኑ ዘለቀ። ደፋር ውሳኔ ነበር፤ ዳሩ ግን ለጥልቅ ባሕር የተሠሩ መርከቦች ደለል ላይ ምን እንደሚገጥማቸው በቂ ግምት አልተሰጠውም። ወደ ሩሲያውያኑ ሳይደርስ መርከብ አሸዋ ላይ ተቀመጠበትና ጥቃቱ ቆመ። ጆንስ በዚያ ሌሊት በትንሽ ጀልባ ኮሳክ ከሚባሉት የድንበር ተዋጊዎች ከአንዱ ጋር በቱርክ መርከቦች መሐል ቀዝፎ አልፎ፣ በአንዱ ጎን ላይ በኖራ «ይቃጠል» ብሎ ጻፈ የሚል ታሪክ አለ። ይህ ከዓመታት በኋላ ኮሳኩ ተናገረው ተብሎ የተጻፈ ነውና እንደ ተረት መያዙ ይሻላል። የውኃውን ጥልቀት ራሱ በጀልባ እየዞረ ይለካ እንደነበር ግን እውነት ነው።

በማግስቱ ነፋሱ ሲመቸው ጆንስ ወደ ፊት ገፋ። ሲሸሹ የነበሩት የቱርክ መርከቦች ከፊሎቹ፣ የአዛዦቹ መርከቦችም ሳይቀሩ፣ አሸዋ ላይ ተሰኩ። ጆንስ የፈለገው መርከቦቹ ተማርከው ለሩሲያ እንዲውሉ ነበር። የናሳው ጀልባዎች ግን ከበቧቸውና የሚቀጣጠልና የሚፈነዳ ጥይት ለቀቁባቸው። በእያንዳንዱ መርከብ ላይ መቶዎች አሉ፤ እሳቱ ባሩዱ ጋ ሲደርስ ሁሉም ያበቃል። ጆንስ በኋላ በጻፈው የዘመቻ ዘገባ ይህን አድራጎት ጭካኔም ብክነትም አድርጎ ነቅፏል።

የተረፉት ቱርኮች በሌሊት በኦቻኮቭ ሥር አልፈው ወደ ባሕር ሊያመልጡ ሞከሩ። በኪንቡርን ምላስ ጫፍ ላይ ሱቮሮቭ የደበቀው የመድፍ ረድፍ እንዳለ አላወቁም። በጨለማ ተኩስ ሲከፈትባቸው ግራ ተጋብተው እንደገና ዘጠኝ መርከቦች ደለል ላይ ወጡ፤ ሲነጋ የናሳው ጀልባዎች ደርሰው አብዛኞቹን አቃጠሏቸው። መድፉ እዚያ ይተከል የሚለውን ሐሳብ ያቀረብኩት እኔ ነኝ ይላል ጆንስ። በእነዚያ ቀናት የኦቶማን ባሕር ኃይል ከዐሥር በላይ መርከቦችንና በሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎችን አጣ። ኦቻኮቭ ከባሕር እርዳታ ተቆረጠች፤ በዚያው ዓመት ዲሴምበር 17 ቀን በከባድ ብርድ የፖተምኪን ጦር ምሽጉን ሰብሮ ገባ፤ በከተማዋ ውስጥ የተፈጸመው እልቂት ዘግናኝ ነበር።

ድል አድርጎ ለምን ተባረረ?

ሽልማቱ ሲመጣ ናሳው ሰፊ ርስት በሺዎች ከሚቆጠሩ ገባር ገበሬዎች ጋር፣ ከከፍተኛ የጊዮርጊስ ኒሻን ጋር አገኘ። ጆንስ ዝቅ ያለውን የቅድስት አና ኒሻን ብቻ ተሰጠው።

አንዳንዶች ይህን የናሳው ተንኮል ብቻ ያደርጉታል። ተንኮሉ ነበር፤ ናሳው ስለ ድሉ ለፖተምኪን የሚጽፈው ራሱን ማዕከል አድርጎ ነው። እኔ ግን ሥሩ ከዚያ የጠለቀ ይመስለኛል። የዚያ ዘመን ሩሲያ ሹመትና ሽልማት የሚገኙት በደጅ ጥናት ነው። አንድ አዛዥ በጦር ሜዳ ያደረገው ነገር እንዲቆጠርለት ቤተ መንግሥት ውስጥ አፍ የሚሆንለት ሰው ያስፈልገዋል። ናሳው የፖተምኪን ወዳጅ፣ በካትሪን ማዕድ የተቀመጠ መስፍን ነው። ሱቮሮቭ የአገሩ ልጅና የጄኔራል ልጅ ነው። ጆንስ ዘመድ የለውም፣ ቋንቋ የለውም፣ ቁጭ ብሎ ማሞካሸትም አያውቅበትም። ከኋላው የቆመ መንግሥትም የለውም፤ አሜሪካ ሩቅ ናት፣ ደካማም ናት። ባዕድ አዛዥን ተፈላጊ የሚያደርገው የወገን ጭፍራ የሌለው መሆኑ ነው፤ ሲጣልም የሚያነሣው የሚጠፋው በዚያው ምክንያት ነው።

መጨረሻው በአንድ ደብዳቤ መጣ። በኦክቶበር 1788 ፖተምኪን ጠላት ቢመጣ በድፍረት እንዲመልሰው፣ ቸል ቢል ግን ተጠያቂ እንደሚሆን የሚያዝ ጽሑፍ ላከለት። ጆንስ ድፍረቱን የተጠራጠሩበት መሰለው፤ ወታደር ሁልጊዜ ዝግጁ ነው፣ እኔም ሙያ ልለምድ አልመጣሁም የሚል መልስ ሰጠ። ለእንዲህ ያለ መልስ ፖተምኪን ትዕግሥት አልነበረውም። በጥቂት ቀናት ውስጥ በጆንስ ቦታ ኒኮላይ ሞርድቪኖቭ ተተካ፤ ጆንስም በሰሜን ባሕር ትፈለጋለህ ተብሎ ወደ ሴንት ፒተርስበርግ ተሸኘ። ኦቻኮቭ ስትወድቅ እሱ መንገድ ላይ ነበር።

በሴንት ፒተርስበርግ ምን ሆነ?

ቃል የተገባለት ሥራ አልመጣም። በ1789 የጸደይ ወራት ገና ልጅ የሆነች ሴትን ደፍሯል ተብሎ ተከሰሰ። ቤተ መንግሥት ፊቷን አዞረችበት፤ ጠበቃ የሚሆነውም ጠፋ። ጆንስ ደፈረ የሚለውን ክስ ካደ፤ ለፖሊስ በሰጠው ቃል ግን ልጅቱ ቤቱ ትመጣ እንደነበርና ከእሷ ጋር «እንደተጫወተ» አምኗል። የፈረንሳይ አምባሳደር ሴጉር ነገሩ የጠላቶቹ ሴራ ነው ብሎ ተከራከረለት፤ ክሱም ለፍርድ ሳይቀርብ ቀረ። የታሪክ ጸሐፊዎች እስከ ዛሬ አልተስማሙበትም። ጠላት ነበረው ማለት ንጹሕ ነበር ማለት አይደለም፤ በዚህ ክርክር ውስጥ በጣም የተረሳችውም ልጅቱ ናት። በዚያው ዓመት ጆንስ የሁለት ዓመት ፈቃድ ተሰጥቶት ሩሲያን ለቀቀ፤ ተመልሶም አልተጠራም።

በዛሬው ሕግ ቅጥረኛ ይባል ነበር?

አይባልም። በ1977 የወጣው የጄኔቫ ስምምነቶች ተጨማሪ ፕሮቶኮል አንድን ሰው ቅጥረኛ ለማለት ስድስት ነገሮች በአንድነት መሟላት እንዳለባቸው ይደነግጋል። ከእነዚህ ውስጥ ለተዋጊው ወገን ዜጋ አለመሆን፣ በዋናነት ለግል ጥቅም ብሎ ከእኩዮቹ እጅግ የበለጠ ክፍያ እየተሰጠው መዋጋት፣ እንዲሁም የዚያ አገር መደበኛ ጦር አባል አለመሆን ይገኙባቸዋል። ጆንስ ባዕድ ነበር፤ ሆኖም ማዕረጉን ከእቴጌይቱ ተቀብሎ በሩሲያ ባሕር ኃይል መዝገብ ገብቶ ነበርና የመጨረሻው መስፈርት ነጻ ያወጣዋል። በዚሁ ምክንያት በፈረንሳይ የውጭ ዜጎች ሌጂዮን የሚያገለግል ሰውም ቅጥረኛ አይባልም።

ይህ ልዩነት ለአፍሪካ ጉዳይዋ ነው። በ1960ዎቹ ኮንጎን ያመሱት የውጭ ታጣቂዎች ያስከተሉት ቁጣ ነው የአፍሪካ አንድነት ድርጅትን በ1977 ቅጥረኝነትን የሚያወግዝ የራሱን ስምምነት እንዲያወጣ ካደረጉት ምክንያቶች አንዱ። ዛሬም አንድ መንግሥት የውጭ ተዋጊዎችን መለዮ አልብሶ በመዝገቡ ሲያስገባ ከሕጉ መረብ ሊያወጣቸው እንደሚችል ማወቅ፣ ዜና ስንሰማ ትክክለኛውን ጥያቄ እንድንጠይቅ ይረዳናል።

የተዋጊዎቹ ፍጻሜ ምን ሆነ?

ሃሰን ፓሻ ሽንፈቱ ሥልጣኑን ወዲያው አላሳጣውም፤ በ1789 መጨረሻ ዋና ቬዚር፣ ማለትም የሱልጣኑ ዋና ሚኒስትር ሆነና በማርች 1790 ሞተ። ናሳው-ዚገን በዚያው በጁላይ ከስዊድን ጋር በተደረገው የስቬንስክሱንድ ውጊያ የሩሲያን መርከቦች ይዞ ከባድ ሽንፈት ገጠመው። ፖተምኪን በ1791 መንገድ ላይ ሳለ ሞተ። ዴ ሪባስ ከሁሉም የተሻለ ዕድል ገጠመው፤ በጃንዋሪ 1792 በያሲ በተፈረመው ውል ኦቻኮቭና በዙሪያው ያለው ምድር ለሩሲያ ሲጸና፣ በዚያው ዳርቻ ኦዴሳን ከቆረቆሩት አንዱ ሆነ።

ጆንስ ፓሪስ ተመልሶ በጁላይ 18 ቀን 1792 በ45 ዓመቱ ሞተ። ከመሞቱ ጥቂት ቀደም ብሎ ፕሬዝዳንት ዋሽንግተን በአልጄርስ የተያዙ አሜሪካውያን መርከበኞችን እንዲያስፈታ ሾሞት ነበር፤ ደብዳቤው የደረሰው ከሞተ በኋላ ነው። መርከበኞቹ ሊለቀቁ ባለመቻላቸው ኮንግረስ በማርች 1794 ስድስት የጦር መርከቦች እንዲሠሩ ወሰነ። አሜሪካ እንደገና ባሕር ኃይል ያገኘችው በዚህ ውሳኔ ነው፤ ከዚያ በኋላ እንደ ጆንስ ያለ አዛዥ ሥራ ፍለጋ ሩሲያ ድረስ መሄድ አላስፈለገውም።